ከጀሪካኔ ጀርባ የቆመችው ጀሪካን

ይህን ታሪክ እስከ ዛሬ ለአስራ አንድ ሰው ነግሬያለሁ። ስምንቱ «ፀሐይ መትቶህ ነው» አሉኝ። ሁለቱ «ጠበል ግባ» አሉኝ። አስራ አንደኛዋ ያለችኝን ኋላ ላይ እነግራችኋለሁ፤ አሁን ከነገርኳችሁማ ቀሪውን ማን ያነበዋል? እናንተም አንብባችሁ ስትጨርሱ የመሰላችሁን በሉ። እኔ የሒሳብ መምህር ነኝ፤ ያየሁትን እቆጥራለሁ እንጂ አልጨምርበትም።

ስሜ ሙሉቀን ነው፤ ጋምቤላ ግን «ቲቸር» ነው የሚለኝ። የተወለድኩት ፍኖተ ሰላም ነው። ነገሩ በገጠመኝ ጊዜ እዚህ ከመጣሁ ዘጠነኛ ዓመቴን ይዤ ነበር። ከደጋ ለሥራ የመጣን ሰዎች አንድ የጋራ በሽታ አለን፤ ወባ እንዳይመስላችሁ። «ዘንድሮ እሄዳለሁ» ይባላል። በሽታው የያዘው ሰው አልጋ አይገዛም፤ ዘንድሮ ይሄዳላ! መጋረጃ አይሰቅልም፣ ድመት አያሳድግም፣ ግድግዳ ላይ ሚስማር አይመታም። እኔ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የተኛሁት አከራዬ ለአንድ ሳምንት ባዋሱኝ የሽቦ አልጋ ላይ ነው። እናቴ ስመጣ አሽጋ የሰጠችኝ ሁለት ካርቶኖች እንደታሸጉ ነበሩ፤ አንዱ ጠረጴዛዬ ነው፣ አንዱ ወንበሬ።

በሁለተኛው ዓመቴ አከራዬ የማንጎ ችግኝ ይዘው መጥተው «ቲቸር፣ በርህ ላይ ትከለው፣ ጥላ ይሆንሃል» አሉኝ። «ፍሬውን ማን ሊበላው?» ብዬ መለስኩላቸው። ችግኙን የጎን ጎረቤቴ ተከለው። ዛሬ ያ ዛፍ ከጣሪያው በላይ ነው፤ እኔ በአጥሩ ላይ ወደኔ የወደቀውን እየለቀምኩ ስበላ ዓመታት አለፉኝ።

ሰፈራችን ውሃ በፈረቃ ነው። በየሁለት ቀኑ አስር ሰዓት ላይ ቦኖው ይከፈታል። የምትከፍተውም፣ ተራ የምታስከብረውም ማማ አቻላ ናት፤ ረጅም፣ ቀጭን፣ የትምባሆ ጋያዋ ከአፏ የማይለይ የአኙዋ እናት። ጠዋት ሁሉም ሰው ጀሪካኑን አምጥቶ ይደረድርና ወደ ጉዳዩ ይሄዳል። በዚህ ፀሐይ ተራ የሚጠብቀው ጀሪካን ነው እንጂ ሰው አይደለም። በየእጀታው መለያ ጨርቅ ይታሰርበታል። የእኔ ከተቀደደ ቀይ ዣንጥላ የተቆረጠ ነበር። የማማ አቻላ ሕግ አጭር ነው፤ ጀሪካን የቆመበት የሰው ቦታ ነው፣ ከመስመር የወጣ ጀሪካን ግን ተራ የለውም።

ከዚህ ሰልፍ የማውቃት ሌላዋ ሰው ሲስተር ኛማል ናት። የማታር ልጅ ናት፣ ኑዌር፤ ጤና ጣቢያ ነርስ ሆና ትሠራለች፣ ከእኔ ቤት ሦስት ቤት አልፋ ትኖራለች። የእሷ ጨርቅ ሰማያዊ ነው፤ እዚህ ሴቶች በአንድ ትከሻቸው ቋጥረው ከሚለብሱት ላዋ፣ ከአሮጌው የተቀደደ። ውሃ ሲከፈት ሁልጊዜ ከኋላዬ ስለምትሆን እናወራለን። እሷ ስለ ተማሪዎቼ ትጠይቀኛለች፤ እኔ ስለ ዝውውር ማመልከቻዬ እነግራታለሁ። ሁለት ዓመት ሙሉ ስለ ዝውውር ስለፈልፍ ቆማ ሰማችኝ። ይህን አሁን ስጽፈው ራሱ አፍሬያለሁ።

ዕለቱ ሐሙስ ነበር። ጠዋት የትምህርት ቤታችን የሰው ኃይል ኃላፊ አስጠራኝ። ስገባ ከወንበሩ ተነሳ፤ ተነስቶልኝ አያውቅም።

«ቲቸር ሙሉቀን፣ ዝውውርህ ጸደቀ። ፍኖተ ሰላም!»

ደብዳቤውን ሰጠኝ። ማኅተም አለው፣ ስሜ አለበት፣ የአባቴ ስም እንኳ አልተሳሳተም።

«ችግሩ ደብዳቤው ዘግይቶ ነው የደረሰን» አለ። «እስከ ዛሬ አስራ አንድ ሰዓት ፈርመህ ካልመለስክ ዕድሉ ለተጠባባቂው ይሄዳል።»

ተጠባባቂው የባዮሎጂው መምህር ነው። በሩ ላይ ቆሞ ነበር። ዓይኑ ከደብዳቤው ላይ አልተነሳም፤ «እንኳን ደስ አለህ» ሲለኝ ግን ድምፁ ልቅሶ ቤት የገባ ሰው ነበር የሚመስለው።

እስክሪብቶዬን አወጣሁ። ክዳኑን ከፈትኩ። ከዚያ «ቤት ሄጄ ረጋ ብዬ ላንብበው» ብዬ ወጣሁ። ለምን እንዳልኩት አትጠይቁኝ። ዘጠኝ ዓመት የለመንኩት ነገር ነው፤ ሁለት መስመር ደግሞ ለማንበብ ቤት አያስሄድም።

ለእናቴ ደወልኩላት። ስልኩ እስኪንጫጫ እልልታዋን አቀለጠችው።

«ልጄ! በል ያን ወፍራም ብርድ ልብስ አውጥተህ ፀሐይ አስመታው፤ እዚህ ብርድ ነው! ደሞ መሄጃህ ነውና በቀትር ውሃ ዳር እንዳትሄድ። ቀትር ጥሩ አይደለም።»

እናቴ ባሮ ወንዝን አይታው አታውቅም፤ ግን ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ስልክ የምትዘጋው በዚሁ ምክር ነው።

ቤት ገብቼ ዕቃዬን ሸከፍኩ። አስራ ሁለት ደቂቃ ፈጀብኝ። መጀመሪያ ኮራሁ። ከዚያ የሽቦው አልጋ ጫፍ ላይ ተቀምጬ ባዶውን ግድግዳ ሳየው፣ የዘጠኝ ዓመት ኑሮ በአስራ ሁለት ደቂቃ መነሳቱ ደስ አላለኝም። «የራበኝ ነው» ብዬ ዳቦ በላሁ።

ቀረ የምለው ልብሴን ማጠብ ነበር፤ እናቴ ዘንድ በላብ የደረቀ ሸሚዝ ይዤ አልሄድም። ጀሪካኔ ጠዋት አስራ ሰባተኛ ላይ ነበረች። በዚያ ሰሞን ደግሞ ውሃው ከአስራ አምስተኛው አያልፍም። እና አንድ ክፉ ሐሳብ መጣልኝ። ነገ እሄድ የለ እንዴ? ማን ያየኛል? ቢያየኝስ ምን ያመጣል?

ጋምቤላ በቀትር ምን እንደምትመስል ላላያችሁት ልንገራችሁ። ከስድስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ከተማው ይተኛል። ቢሮው ይተኛል፣ ሱቁ ይተኛል፣ ባለባጃጁ በባጃጁ ውስጥ እግሩን ወደ ውጭ ዘርግቶ ይተኛል፣ ከባጃጁ ሥር ደግሞ ፍየል ትተኛለች። ሰባት ሰዓት ተኩል ላይ ከቤቴ ስወጣ መንገዱ ላይ የሚንቀሳቀስ ነገር የእኔ ጥላ ብቻ ነበር፤ እሱም ፈርቶ እግሬ ሥር ተሸጉጧል።

ቦኖው ዘንድ አርባ የሚሆኑ ቢጫ ጀሪካኖች ተሰልፈዋል። ሰው የለም። የማማ አቻላ ባለሦስት እግር በርጩማ እንኳ ባዶ ነው። ቀይ ጨርቄን አገኘሁና ጀሪካኔን ከመሐል ብድግ ሳደርጋት እግሬ ከኋላዋ ያለችውን መታ። ያቺ ተንከባልላ ከመስመር ወጣች። ሰማያዊ ጨርቋን አይቻታለሁ። የማን እንደሆነችም አውቃለሁ። ግን ቸኩዬ ነበር፤ አላነሳኋትም። ሮጥ ብዬ የኔን ከሰልፉ ፊት፣ ልክ ቧንቧው ሥር ተከልኳት።

የጀሪካኔ ቂጥ መሬት እንደነካ ድምፅ ጠፋ። ቀትር ዱሮም ጸጥ ያለ ነው፤ ይሄ ግን ሌላ ነው። የእርግቦቹ፣ የሩቁ ጄኔሬተር፣ የራሴ ትንፋሽ ሳይቀር ጠፋ።

ቀና አልኩ። ሰልፉ ረዝሟል። ቦኖው አጠገብ ካለችው የኒም ዛፍ ሥር አልፎ፣ የትምህርት ቤቱን አጥር ታክኮ፣ ሳሩ ውስጥ ገብቶ ወደ ባሮ ይወርዳል። መጨረሻው አይታይም። እና በእያንዳንዱ ጀሪካን እጀታ ላይ ቀይ የዣንጥላ ጨርቅ ታስሯል።

«አንተ ቲቸር» አለ አንድ ድምፅ። «ተራ ሰረቅክ?»

ማማ አቻላ በርጩማዋ ላይ ተቀምጣለች። ከየት እንደመጣች አላየሁም። ጋያዋ ይጨሳል፤ ጭሱ ግን አይንቀሳቀስም፣ ከአፏ እንደወጣ ቆሟል። የእናቴን ምክር ያስታወስኩት ያኔ ነው።

«ማማ፣ ይቅርታ አድርጊልኝ። ይሄ ሁሉ ጀሪካን የማን ነው?»

«ጨርቁ የማን ነው?»

«የኔ።»

«እንግዲያ ያንተ ነው።»

«እኔ ያለኝ አንድ ጀሪካን ነው!»

«አንድ ነው የምትሸከመው» አለችኝ። «የምታስቀምጠው ብዙ ነው። ‹እንዲህ ብሆን፣ እዚያ ብሄድ› ትላለህ። አስቀመጥክ ማለት ነው። ከዚያ ትረሳለህ። ሰው ይረሳል፤ ጀሪካን አይረሳም። ቆሞ ይጠብቃል።»

«ውስጡ ምን አለ?»

«ምንም። ገና ነው።»

«ገና ምን?»

«ገና!» አለች፣ ተማሪ ያደረቀው መምህር በሚቆጣው ቁጣ። «ገና ያልሆነ። ይሆናል፣ አይሆንም። ውሃ ሲመጣ አንዱ ይሞላል። ክፈት፣ ስማ። ያንተ ነው፤ አልከለክልም።»

ፈራሁ ብላችሁ አታምኑኝም፤ ፈርቻለሁ። ግን ክዳን አይቶ ሳይከፍት የሚያልፍ ሰው ደግሞ አይደለሁም። የመጀመሪያውን ከፍቼ ጆሮዬን ደቀንኩ።

የቆርቆሮ ጣሪያ ላይ ዝናብ ይመታል። የፍኖተ ሰላም ነፋስ ጆሮዬን አቀዘቀዘው። እናቴ «ሙሉቀን፣ ደርብ እንጂ!» ትላለች። ዓይኔ እንባ አቀረረ። ከዚያ የራሴ ድምፅ ተሰማኝ፤ «አይ እማዬ፣ ለጊዜው ነው እዚህ ያለሁት፣ ዘንድሮ አዲስ አበባ እገባለሁ።» ወዲያው ደግሞ ጥርርር የሚል ድምፅ ሰማሁ፤ የካርቶን ማሸጊያ ፕላስተር ሲሳብ።

ሁለተኛውን ከፈትኩ። ርዕሰ መምህር ሆኛለሁ፤ ራሴ መላጣ መሆኑ እንዴት በጆሮ እንደሚሰማ አላውቅም፣ ግን ተሰማኝ። ሰው ላይ እጮሃለሁ። ከዚያ ጥርርር። ሦስተኛው አዲስ አበባ ነው፤ የታክሲ ረዳት «የሞላ! የሞላ!» እያለ ለባዶ መኪና ሰው ይጠራል፣ እኔም «ዘንድሮ እንኳ ወደ አገሬ እመለሳለሁ» እላለሁ። ጥርርር። በአራተኛው ሚስት አለችኝ፤ «ዕቃውን መቼ ነው የምንፈታው?» ስትለኝ «ቆይ ትንሽ» እላታለሁ። ድምጿ የሰለቸ ነው።

ሮጥኩ። እየሮጥኩ እየከፈትኩ እሰማለሁ። ሃያ፣ ሠላሳ የሚሆኑ ከፈትኩ። በአንዱ ፀጉሬ ሸብቷል፤ እዚሁ ጋምቤላ፣ እዚያው የሽቦ አልጋ ላይ ተቀምጬ ማመልከቻ እጽፋለሁ። «ይህ ሠላሳ አንደኛ ማመልከቻዬ ሲሆን…» ይላል ድምፄ። በሁሉም ውስጥ ካርቶን አለ። ከተማው ይለያያል፣ ሚስትና ሥራው ይለያያል፤ ካርቶኑ ግን አይፈታም። እኔ ለካ የጋምቤላ ጊዜያዊ አልነበርኩም። የትም ጊዜያዊ ነበርኩ።

እያለከለክሁ ወደ ማማ አቻላ ተመለስኩ።

«ማማ፣ የሚፈታበት የለም እንዴ? አንድ እንኳ?»

በጋያዋ ወደ መሬት ጠቆመችኝ። ከመስመሩ ውጭ ሰማያዊ ጨርቅ ያላት ጀሪካን በጎኗ ወድቃለች። ከዚያ ሁሉ ቀይ መሐል እሷ ብቻ ሰማያዊ ናት።

«ይሄ ያንተ አይደለም። ሰው ነው ያስቀመጠው፤ ካንተ ጀርባ። ሁለት ዓመት ቆመ። ዛሬ አንተ በእግርህ መታህ።»

«የሲስተር ኛማል ናት» አልኩ። «የኔ መስመር ውስጥ ምን ትሠራለች?»

«አንተ ነህ ቲቸር። እኔ ትምህርት የለኝም።»

እዚህ ላይ ነው ሒሳቡ የመጣው። እኔ እኮ ለአስራ አንደኛ ክፍል ዕድል የሚባለውን ምዕራፍ ዘጠኝ ዓመት አስተምሬያለሁ። አርባ ጀሪካን ባለበት ሰልፍ አንዲት ጀሪካን በአጋጣሚ ከኔ ኋላ የመቆም ዕድሏ ከአርባ አንድ ነው። ሁለት ጊዜ ተከታትሎ ከሆነ ከሺህ ስድስት መቶ አንድ። እሷ ግን በየሁለት ቀኑ፣ ሁለት ዓመት ሙሉ! ሦስት መቶ ስልሳ አምስት ጊዜ ያህል! ይህን ቁጥር የሚጽፍ ሰሌዳ ትምህርት ቤታችን የለውም። ተማሪ ቢሳሳተው ዜሮ የምሰጠውን ጥያቄ እኔ ራሴ ሁለት ዓመት አፍንጫዬ ሥር አስቀምጬ «አጋጣሚ» ብዬ አልፌዋለሁ።

ጀሪካኗን አነሳሁና ክዳኗን ያዝኩ። ቷ! ማማ አቻላ የእጄን ጀርባ በጋያዋ አቃጠለችኝ።

«የሰው ጀሪካን አይከፈትም!»

«ምን እንዳለ ልወቅ ብዬ ነው!»

«እኔ ተራ አስከብራለሁ እንጂ አልጠጣም። አላውቅም። መልሰው ወደ ቦታው። ውሃ ሳይመጣ። ውሃ ከመጣ ከመስመር የወጣው ወጣ፣ አለቀ።»

ይህን እንዳለች ከመሬት ሥር፣ ከቧንቧው ውስጥ፣ ጉርርር የሚል ድምፅ ተሰማ። ሩቅ ነው፤ ግን እየመጣ ነው። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ሲባል ሰምቻለሁ፤ እኔ የብብቴን በእግሬ ነው የጠለዝኩት። በአንድ እጄ የኔን፣ በአንድ እጄ የእሷን ይዤ በዚያ ማለቂያ በሌለው ሰልፍ ጎን ሮጥኩ። የቱ ጋ ነበረች? ሁሉም ቀይ ነው፣ ሁሉም ቢጫ ነው፣ ሁሉም አንድ ነው። አስራ ሰባተኛ ብዬ ቆጠርኩ፤ እዚያ ክፍተት የለም። ጉርርርታው ቀረበ። ላቤ ዓይኔ ገባ። «አምላኬ፣ አንድ ጊዜ ብቻ» አልኩ። ምን እንደምለምን ግን አላወቅኩም፤ ለመሄድም ለመቆየትም አልነበረም። ያቺ ጀሪካን ወድቃ እንዳትቀር ብቻ ነው የፈለግኩት።

ጀሪካኑን መቁጠር ትቼ መሬቱን ማየት ጀመርኩ። ሌሎቹ ጀሪካኖች ሥር አፈሩ ምንም አልሆነም፤ አንዴ ተቀምጠው የተረሱ ናቸው። ኒሟ አጠገብ ግን ሁለት ጉድጓዶች አገኘሁ፤ ጀሪካን ደጋግሞ የቆመባቸው፣ ጣት የሚያህል ጠልቀው የገቡ። አንዱ ከአንዱ ተጠግቷል። የኋለኛው ትንሽ ወደ ፊተኛው ዘመም ብሏል፣ ለወሬ ጆሮውን እንዳቀረበ ሰው።

ቀይዋን ከፊት አስቀመጥኩ። ሰማያዊዋን ከኋላ። ልክ ገጠሙ።

ከዚያ የማስታውሰው ፊቴ ላይ የፈሰሰውን ውሃ ነው።

«ቲቸር! ቲቸር፣ ዓይንህን ክፈት። ይህ ስንት ነው?»

ኒሟ ሥር ተጋድሜያለሁ። ሲስተር ኛማል በላዬ አጎንብሳ ሁለት ጣቶቿን አሳየችኝ።

«ሁለት» አልኩ።

«እሺ፣ አልሞትክም። አንተ እብድ ነህ? ዘጠኝ ዓመት ጋምቤላ ኖረህ በቀትር ባርኔጣ የለህም?»

«ስንት ሰዓት ነው?»

«አስር ሊሆን ነው።»

ሰልፉ አርባ ጀሪካን ነው። ጨርቁ ሁሉ ዓይነት ነው። አስራ ሰባተኛዋ ቀይ፣ አስራ ስምንተኛዋ ሰማያዊ። ማማ አቻላ በርጩማዋ ላይ ሆና ቦኖውን ለመክፈት ቁልፉን ትፈልጋለች።

ለኛማል ሁሉንም ነገርኳት። አንድም አላስቀረሁም፤ ርዕሰ መምህር ሆኜ መላጣ መሆኔን ሳይቀር። አስራ አንደኛዋ ሰው ያልኳችሁ እሷ ናት። በቅደም ተከተል የመጀመሪያዋ ብትሆንም ለመጨረሻ አቆይቻታለሁ። እሷ አልሳቀችም፣ ጠበልም አላለች። የእጄን ትርታ በሰዓቷ እየቆጠረች እስክጨርስ ጠበቀችኝና አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቀችኝ።

«ጀሪካኔን መለስከው?»

«መለስኩት።»

«በራሱ ቦታ?»

«ከኔ ጀርባ።»

«እሺ» አለች። የእጄን ትርታ እንደገና መቁጠር ጀመረች፤ ቁጥሩ የጠፋባት መሰለኝ።

«ኛማል፣ ለምንድን ነው ሁልጊዜ ከኔ ጀርባ የምታስቀምጪው?»

«ዛሬ ነው ያየኸው? በሁለት ዓመት?»

«እኔ ግን ስለ ዝውውር ብቻ ነበር የማወራሽ።»

«አዎ። በጣም ታሰለቻለህ» አለች። «ስለ ተማሪዎችህ ስታወራ ግን ጥሩ ነህ። ያን ጊዜ አትሄድም፣ እዚህ ነህ። እኔ ለዚያ ነው የምጠብቀው። ትንሽ ነው፣ ግን ይመጣል። እንደ ውሃችን።»

ከዚያ ቀና ሳትል፣ ለእኔ ሳይሆን ለእጄ የምትናገር እየመሰለች ቀጠለች።

«እኔም ዝውውር መጥቶልኝ ነበር። አምና። ወደ ማታር፣ እናቴ ጋ። አልፈረምኩም።»

«ለምን?»

«ሒሳብ አስተማሪ አይደለህ? አስላ።»

አሰላሁ። በሕይወቴ እንደዚያ ፈጥኜ አስልቼ አላውቅም። የመጣልኝ መልስ ደስታ ነው፣ ግን አሳፈረኝም። እኔ ሁለት መስመር ደብዳቤ ለማንበብ ቤት ስሄድ እሷ እናቷን የሚያህል ነገር ትታ፣ ሳትነግረኝ፣ ጀሪካን ይዛ ከኋላዬ ቆማ ነበር።

ሰዓቴን አየሁ። ኪሴን ዳበስኩ፤ ደብዳቤው አለ። አሁንም ያልነቃውን ባለባጃጅ ቀሰቀስኩት። አስራ አንድ ሊሆን አምስት ደቂቃ ሲቀረው የሰው ኃይል ኃላፊው ቢሮ ገባሁ። የባዮሎጂው መምህር አግዳሚው ላይ ተቀምጦ የግድግዳ ሰዓቱን እያየ ይጸልያል። ሲያየኝ ራሱን በሁለት እጁ ያዘ። «አልቀበልም» ከሚለው ሥር ፈረምኩ።

ኃላፊው «አመመህ እንዴ?» አለኝ። የባዮሎጂው መምህር መልሴን አልጠበቀም፤ ተነስቶ ግንባሬን፣ ጉንጬን፣ መነጽሬን ሳይቀር ሳመኝ። ዛሬም በየበዓሉ ከፍኖተ ሰላም ይደውልልኛል። ይብርደዋል አሉ።

ማታውን ለእናቴ ስነግራት «በቀትር ውሃ ዳር ሄደሃል አይደል?» አለችኝ። ሄጃለሁ አልኳት። «አውቄዋለሁ» አለችና አለቀሰች። ያ ልቅሶ እስከ ዛሬ ይከብደኛል፤ የቀልድ ታሪክ ነው ብዬ ልደብቃችሁ አልፈልግም። ለእኔ ጋምቤላ መቆየት ማለት ለእሷ አንድ ወንበር ባዶ መቅረት ማለት ነው።

ኛማል «እንጋባ» ስላት የእሺታዋን ቃል ወዲያው አልሰጠችኝም። «መጀመሪያ ካርቶኑን ፍታ» አለችኝ። በማግስቱ አብረን ፈታናቸው። በአንደኛው ውስጥ ለደጋ ብርድ የሚበቃ ወፍራም ብርድ ልብስ ነበር፤ ጋምቤላ ላይ ሲዘረጋ ኛማል ሳቋን መቆጣጠር አቅቷት መሬት ላይ ተቀመጠች። በሁለተኛው ውስጥ በጋዜጣ የተጠቀለሉ ሁለት ሳህኖችና ሁለት ብርጭቆዎች ነበሩ። እናቴ ዘጠኝ ዓመት ቀድማ ለሁለት ሰው አሽጋልኝ፣ እኔ ላዩ ላይ ተቀምጬ ብቻዬን እበላ ነበር። ወዲያው ደወልኩላትና ነገርኳት። «ታዲያ ለግድግዳው መስሎህ ነው?» አለችኝ።

ዓመት ቆይቶ ተጋባን። የማታር አጎቶቿ ስለ ጥሎሽ ከብት አንስተው ሲነጋገሩ እናቴ «ላም ስጡ ነው የሚሉን ወይስ ውሰዱ?» እያለች በየቀኑ ስትደውል፣ እኔ ኦርቶዶክስ እሷ ፕሮቴስታንት ሆነን ሁለቱንም ወገን ስናስታርቅ፣ ብዙ ተባለ፣ ብዙም ተበላ። አልጋ ገዝቻለሁ። ግድግዳዬ ላይ አራት ሚስማር አለ። ደጄ ላይ ማንጎ ተክያለሁ፤ እስካሁን ጉልበቴ ጋ አልደረሰም፣ ጠዋት ጠዋት ግን ከተማሪ ፈተና በፊት የማየው እሱን ነው።

እንግዲህ ወዳጆቼ፣ ያየሁት ምን እንደነበረ አልከራከራችሁም። ፀሐይ ከሆነ ፀሐይ ይሁን። አንድ ነገር ግን ልንገራችሁ፤ እኛ ሰዎች ስለ ነገ ስናስብ ዓይናችን ሰልፉ ፊት ላይ ነው። ቧንቧው ተከፍቷል ወይ፣ ስንት ሰው ይቀድመኛል፣ እንላለን። እኔ ነገዬን ዘጠኝ ዓመት ፊት ለፊት ስፈልገው ከኋላዬ ቆሞ ስለ ተማሪዎቼ ይጠይቀኝ ነበር። ተሰልፋችሁ ከሆነ አንድ ጊዜ ዞር በሉ። ዞር ብላችሁ ያገኛችሁት ሰው ግን የእውነት ተራውን የሚጠብቅ ብቻ ሊሆን ይችላልና በኔ አታሳብቡ።

ማማ አቻላን ብዙ ጊዜ ጠይቄያታለሁ። «በዚያ ቀትር እዚህ ነበርሽ?» ስላት «በቀትር ሰው ይተኛል፤ አንተ ብቻ ነህ እብድ» ትለኛለች። የእጄን ጀርባ ጠባሳ ሳሳያት ግን ጋያዋን ማቀጣጠል ትጀምራለች። የተጋባን ሰሞን ደግሞ ያለ ርኅራኄ አንድ ጀሪካናችንን ከመስመር አወጣችው። «ሁለት ሰው፣ አንድ ቤት፣ አንድ ተራ!» አለች። ስለዚህ አሁን አንድ ጀሪካን ነው ያለን፤ እጀታው ላይ ቀይና ሰማያዊ ጨርቅ ተቋጥሮበታል።

ባለፈው ሳምንት በፈረቃችን ቀን ከሥራ ወደ ቦኖው ስሄድ ከጀሪካናችን ጀርባ አንዲት ትንሽ፣ አምስት ሊትር የምትይዝ ጀሪካን ቆማ አገኘሁ። ጨርቅ የላትም። ማንም እንዲህ ያለ ትንሽ ጀሪካን በዚህ ሰልፍ አያሰልፍም።

«ማማ፣ ይቺ የማን ናት?» አልኳት።

ማማ አቻላ ጋያዋን ከአፏ አወጣች።

«ገና ነው» አለችኝ።

ዞር ብዬ ኛማልን አየኋት። ከኋላዬ ቆማ ነበር፣ እንደ ሁልጊዜው። እየሳቀች ነበር፤ አንድ እጇን ሆዷ ላይ አድርጋለች። ትንሿን ጀሪካን እግሬ እንዳይነካት ተጠንቅቄ ወደ ጎን ቆምኩላት።